ለቦታው የሚስማማ ተክል ስለ መምረጥ

ሰው ሁሉ የተወለደበት አገር እንዳለው ተክልም ሁሉ የሚወደው አገር አለው። ገብስ ብርዱን ታግሦ በደጋ ያፈራል፤ ማሽላም ሙቀቱን ታግሦ በቆላ ያፈራል። ገብስን በበረሃ፥ ማሽላን በውርጭ አገር የሚዘራ ሰው ግን ዘሩንም ድካሙንም ያጣል። ስለዚህ ብልኅ አትክልተኛ ተክል ከመምረጡ አስቀድሞ ቦታውን ይመረምራል። በኮልፌ የሚኖር አንድ ልጅ ይህን ነገር በብዙ ኀዘን ተማረ። ታሪኩም ይህ ነው።

በአዲስ አበባ ምዕራብ፥ በኮልፌ 18 ማዞሪያ አጠገብ፥ ባልዋ የሞተባት አንዲት ሴት ከወንድ ልጅዋና ከትንሽቱ ሴት ልጅዋ ጋራ ትኖር ነበር። ከቤታቸው ጓሮ ወደ ፈፋው የሚያዘቀዝቅ ጠባብ መሬት ነበራቸው። በዚያም መሬት ላይ ጎመንና ነጭ ሽንኩርት፥ ጤና አዳምና ጥቂት የጌሾ ዛፍ ነበረ። እናቲቱ በየማለዳው ጎመኑን እየቀነጠሰች በእስር በእስሩ አድርጋ በማዞሪያው መንገድ ዳር ትሸጥ ነበር። በዚያም ገንዘብ ጨውና ዘይት ትገዛለች፤ ለልጆችዋም የደብተርና የእርሳስ ዋጋ ታወጣለች።

ልጁ ግን በጎመኑ ያፍር ነበር። ጓደኞቹ «የጎመን ሻጭ ልጅ» እያሉ የሚስቁበት ይመስለው ነበር። በአንድ ዓመት ለፋሲካ በዓል አጎቱን ሊጠይቅ ወደ አርባ ምንጭ ሄደ። በዚያም ቅርንጫፉ እስኪጎብጥ ድረስ ፍሬ የተሸከመ የማንጎ ዛፍ አየ፤ የሙዙም ዘለላ ከሰው ራስ በላይ ተንጠልጥሎ አየ። ልቡም እጅግ ተማረከ። ወደ ቤቱ ሲመለስ አጎቱን ለምኖ 6 የማንጎ ችግኝና 2 የሙዝ ችግኝ ይዞ መጣ።

እናቱንም እንዲህ አላት፦ «እማዬ፥ ጎመን የድኻ ምግብ ነው። ጎመኑን ነቅለን ማንጎና ሙዝ እንትከል። ከጥቂት ዓመት በኋላ በፍሬው ባለጠጎች እንሆናለን።»

እናቱም፦ «ልጄ፥ በዚህ ሰፈር የማንጎ ዛፍ አይቼ አላውቅም። ማንም ያልተከለው ስለ ምን ይሆን?» አለችው።

ልጁ ግን፦ «ሰነፎች ስለ ሆኑ ነው» ብሎ መለሰ። እናቱ ልጅዋን ለማስደሰት ብላ ከመሬቱ እኩሌታውን ፈቀደችለት። እርሱም በታችኛው በኩል፥ በፈፋው አጠገብ ያለው መሬት ርጥበት እንዳለው አይቶ በዚያ የነበረውን ጎመን ሁሉ ነቀለ። በሰኔም ወር ችግኞቹን ተከለ።

ክረምቱ ገባ፤ ዝናሙም በሐምሌና በነሐሴ አብዝቶ ዘነመ። ችግኞቹ አልሞቱም፤ ጥቂት አዲስ ቅጠልም አወጡ። ልጁም በየቀኑ እየጐበኘ ደስ ይለው ነበር። መስከረም አለፈ፤ ጥቅምት ሲገባ ደመናው ተገፈፈ፥ ሰማዩም ጠራ። ቀኑ ብሩህ፥ ሌሊቱ ግን ብርድ ሆነ። ከኅዳር ሚካኤል በኋላ በአንድ ሌሊት ብርዱ ከቀድሞው ይልቅ በረታ። በማግሥቱ ልጁ ወደ ጓሮ ቢወጣ ሣሩ በአመዳይ ነጥቶ አገኘው። ፀሐይም ከወጣች በኋላ የማንጎው ቅጠል በፈላ ውሃ እንደ ተነከረ ሆኖ ጠቈረ፤ የሙዙም ቅጠል ተቃጥሎ ወደ ታች ተንጠለጠለ። በጥቂት ቀን ውስጥ 6ቱም ማንጎዎች ደረቁ። በላይኛው በኩል የቀረው ጎመን ግን አመዳዩ ከላዩ ሲቀልጥ እንደ ቀድሞው ለምለም ሆኖ ታየ።

ይሁን እንጂ እኩሌታው ጎመን ተነቅሎ ነበርና የሚሸጠው እስር አነሰ። በዚያው ወራት ትንሽቱ ልጅ ደብተርዋን ጨረሰች፤ ሌላ የሚገዛበት ገንዘብም ጠፋ። እናቲቱ ለልጆችዋ ምንም ሳትነግር የበዓል ነጠላዋን ወስዳ ሸጠችው። የጥምቀት በዓል በደረሰ ጊዜ የሰፈሩ ሰዎች ሁሉ ነጭ ለብሰው ታቦቱን ሊያጅቡ ወጡ። እናቲቱ ግን «ዛሬ ራሴን አሞኛል» ብላ ከቤት ቀረች። ልጁ ነጠላው ይሰቀልበት የነበረውን ችካል ባዶውን አየ፤ ነገሩንም ዐወቀ። ወደ ጓሮ ወጥቶም ከደረቀው ማንጎ አጠገብ ተቀምጦ አለቀሰ።

በአጥራቸው ማዶ ዕድሜያቸውን በአትክልት ሥራ የፈጸሙ አንድ ሽማግሌ ይኖሩ ነበር። የልጁን ልቅሶ ሰምተው ወደ እርሱ መጡና፦ «ልጄ፥ ስለ ምን ታለቅሳለህ?» አሉት።

ልጁም፦ «አባባ፥ ውሃ አጠጣሁት፤ ፍግም አደረግሁለት፤ እርሱ ግን ሞተ። እናቴም በእኔ ምክንያት ነጠላዋን ሸጠች» አላቸው።

ሽማግሌውም እንዲህ አሉት፦ «ትጋትህ መልካም ነበረ፤ ነገር ግን ሳትጠይቅ ተከልህ። ማንጎውም አልበደለም፤ መሬቱም አልበደለም። ሁለቱ የማይስማሙ ናቸውና ባንድነት ሊኖሩ አልቻሉም። አሁን እንባህን ጥረግ፤ የምነግርህንም ስማ።»

ከዚያም በኋላ ሽማግሌው ስለ አገሩ ከፍታ አስተማሩት። የኢትዮጵያ ሰዎች ከጥንት ጀምረው አገራቸውን እንደ ከፍታውና እንደ ብርዱ ከፍለው ስም ሰጥተውታል። ከሁሉ ዝቅ ያለውና ሞቃቱ በረሃ ይባላል። ከ500 እስከ 1500 ሜትር ድረስ ያለው ቆላ ነው። ከዚያ በላይ እስከ 2300 ሜትር ገደማ ወይና ደጋ ይባላል። ከ2300 እስከ 3200 ሜትር ገደማ ደጋ ነው። ከዚያም በላይ ያለው ውርጭ ይባላል። ሰው ወደ ላይ 1000 ሜትር በወጣ ቍጥር ሙቀቱ በ6 ዲግሪ ያህል ይቀንሳል። አርባ ምንጭ ከባሕር ወለል በላይ 1300 ሜትር ገደማ ስለ ሆነ ቆላ ነው፤ ኮልፌ ግን ወደ 2400 ሜትር ስለሚደርስ ወይና ደጋና ደጋ በሚገናኙበት ስፍራ ይገኛል። ስለዚህ በአርባ ምንጭ የሚያፈራ ተክል ሁሉ በኮልፌ አያፈራም።

ልጁም፦ «አባባ፥ ክረምቱ በጣም ይበርድ የለምን? ማንጎው በክረምት ሳይሞት በኅዳር ስለ ምን ሞተ?» ብሎ ጠየቃቸው።

ሽማግሌውም፦ «ይህ ጥሩ ጥያቄ ነው» ብለው ምክንያቱን አስረዱት። መሬት ቀን ከፀሐይ የተቀበለችውን ሙቀት ሌሊት ወደ ሰማይ ትለቃለች። በክረምት ደመናው እንደ ጋቢ ሆኖ ይሸፍናታልና ሙቀቱ ፈጥኖ አይጠፋም። ከኅዳር እስከ ጥር ግን ሰማዩ ባዶ ነው፤ አየሩም ደረቅ ነው፤ መሬትም ጋቢ እንደ ሌለው ሰው ሌሊቱን ትበርዳለች። ደግሞም ብርድ አየር ከሙቅ አየር ይልቅ ይከብዳል። ስለዚህ እንደ ውሃ ቍልቍል እየፈሰሰ በዝቅተኛ ስፍራ ይጠራቀማል። ልጁ ማንጎውን የተከለበት ፈፋ ከጓሮው ሁሉ ብርዱ የሚተኛበት ስፍራ ነበረ። በቅጠሉ ውስጥ ያለው ውሃ በረዶ በሆነ ጊዜ የቅጠሉን ሰውነት ሰባብሮ ገደለው።

የደጋ ተክሎች ግን ብርዱን የሚቋቋሙበት ተፈጥሮ አላቸው። ጎመን ብርድ ሲመጣበት በቅጠሉ ውስጥ ስኳርን ያበዛል፤ ስኳር የገባበትም ውሃ እንደ ንጹሕ ውሃ ፈጥኖ በረዶ አይሆንም። ከብርድ በኋላ የተቀነጠሰ ጎመን የሚጣፍጠው ስለዚህ ነው። ልጁ ይህን ሲሰማ የናቀው ጎመን ያልተማረውን ጥበብ የያዘ መሆኑን አይቶ ተገረመ።

ሽማግሌውም 20 ትንንሽ ችካሎች ሰጡትና እንዲህ አሉት፦ «ለ10 ቀን ፀሐይ ሳይወጣ ተነሣ። አመዳይ ባየህበት ስፍራ ሁሉ አንድ ችካል ትከል፤ ባላየህበት ስፍራ ግን አትትከል።» ልጁም እንደ ታዘዘው አደረገ። 10ኛው ቀን ሲፈጸም ከችካሎቹ የሚበዙት ከፈፋው አጠገብ ተሰብስበው ተገኙ። በመካከለኛው መሬት 3 ብቻ ነበሩ። በድንጋዩ ግንብ ሥር ግን አንድም አልነበረም፤ ግንቡ ቀን የሞቀውን ሙቀት ሌሊት ያካፍላልና። በዚህም ጠባቡ ጓሮ ራሱ ደጋና ወይና ደጋ እንዳለው ልጁ በዓይኑ አየ።

ከዚያ በኋላ መሬቱን ከፍለው ተከሉ። ብርድ በሚተኛበት በታችኛው ስፍራ ጎመን፥ ባቄላና ነጭ ሽንኩርት ሆነ። በመካከለኛው ካሮትና ቀይ ሥር ሆነ። ድንች ሥሩ ከመሬት በታች ቢሆንም ቅጠሉ ውርጭ አይችልም፤ ስለዚህ በሰኔ ተተክሎ ውርጩ ሳይመጣ እንዲቈፈር ወሰኑ። በግንቡ ሥር ለብርድ የሚሳሳው የበርበሬ ችግኝ ተተከለ። ጌሾው ግን የአገሩ ተወላጅ ነውና ከነበረበት አልተነካም። በቤቱም አጠገብ እንሰት ተከሉ፤ እንሰት የሙዝ ዘመድ ሆኖ ሳለ ከሙዝ ይልቅ የደጋውን ብርድ ይችላልና።

አንድ ቀን ሽማግሌው ልጁን ይዘው በኮልፌ አጣና ተራ አለፉ። በዚያም የተከመረውን የባሕር ዛፍ አጣና አሳይተው ታሪኩን ነገሩት። በዐፄ ምኒልክ ዘመን በአዲስ አበባ ዙሪያ ያለው ዛፍ እየተቈረጠ ማገዶ ስላነሰ ከተማውን ወደ ሌላ ስፍራ የማዛወር አሳብ ተነሥቶ ነበር። በ1880ዎቹ ዓመተ ምሕረት ግን ባሕር ዛፍ ከውጭ አገር መጣ፤ የትውልድ አገሩም አውስትራልያ ነው። ዛፉም የአዲስ አበባን ብርድ ወደደው፤ ፈጥኖም አደገ፤ ከተማውም በስፍራው ጸና። ይሁን እንጂ ባሕር ዛፍ ሁሉ አንድ አይደለም። ነጩ ባሕር ዛፍ የብርድ አገር ዛፍ ስለ ሆነ በእንጦጦና በደጋው ሁሉ ይበቅላል፤ ቀዩ ባሕር ዛፍ ግን ሞቃቱን አገር ይወዳል። ስለዚህ የተክሉን ስም ማወቅ ብቻ አይበቃም፤ ወገኑንም ለይቶ ማወቅ ያስፈልጋል። ደግሞም ባሕር ዛፍ ቦታው ቢስማማውም ብዙ ውሃ የሚጠጣና ከሥሩ ሌላውን ተክል የማያሳድግ ነውና በጎመን አጠገብ አይተከልም። መልካም ተክል ለቦታው ብቻ ሳይሆን ለጎረቤቱም የሚስማማ ነው።

በሌሎች አገሮችም ሰዎች ይህን ጥበብ ይከተላሉ። የአሜሪካ የእርሻ መሥሪያ ቤት በ1960 እንደ አውሮጳ አቈጣጠር የአገሩን ብርድ የሚያሳይ ካርታ አሳተመ። በዛሬው ካርታቸው አገሩ በ13 ክፍል ተከፍሏል። ክፍሉም የተለየው በየዓመቱ በሚደርሰው ከሁሉ በባሰው ብርድ ልክ ነው። በዚያ ያለ አትክልተኛ ዛፍ ከመግዛቱ በፊት «ይህ ዛፍ የኔን ክፍል ብርድ ይችላልን?» ብሎ ይጠይቃል። በእነርሱ ዘንድ ብርዱን የሚያመጣው ረጅም ክረምት ነው፤ በኢትዮጵያ ግን ብርዱን የሚያመጣው የተራራው ከፍታና የጠራው ሌሊት ነው። ስለዚህ የእነርሱ ካርታ ለኮልፌ አይበቃም። «ደጋ ነውን? ቆላ ነውን?» የሚለው የአባቶች ጥያቄ ግን ለኮልፌ ይበቃል።

ዓመቱ ዞረ። ጎመኑ በዛ፤ ነጭ ሽንኩርቱም ራሱ ትልልቅ ሆነ። ልጁም ጎመኑን ተሸክሞ ከእናቱ ጋራ ወደ ማዞሪያው ይወጣ ጀመር፤ ከዚያም ወዲያ አላፈረም። ከሽያጩም ጥቂት ጥቂት እያስቀመጠ ጥምቀት ሳይደርስ ለእናቱ አዲስ ነጠላ ገዛላት። እናቲቱም ነጠላውን ተቀብላ ልጅዋን መረቀችው፤ በበዓሉም ቀን በሁለቱ ልጆችዋ መካከል ሆና ወደ ጃንሜዳ ሄደች።

በዚያው ዓመት ልጁ ለአጎቱ ነጭ ሽንኩርትና የደረቀ ጌሾ ላከ። አጎቱም ደስ ብሎት በቅርጫት ፍሬ ላከለት። ቅርጫቱ በተከፈተ ጊዜ በአንድ ወገን የአርባ ምንጭ ማንጎ፥ በሌላው ወገን ደግሞ ቀይ ፖም ተገኘበት። ልጁም፦ «አባባ፥ ፖም የብርድ አገር ፍሬ አይደለምን? ከቆላ እንዴት መጣ?» ብሎ ሽማግሌውን ጠየቃቸው።

እርሳቸውም እንዲህ አሉት፦ «ከአርባ ምንጭ በላይ በተራራው ላይ ጨንቻ የሚባል አገር አለ። መንገዱ ከ40 ኪሎ ሜትር አይበልጥም፤ ከፍታው ግን ወደ 2700 ሜትር ይደርሳል። በዚያ የጋሞ ሰዎች ገብስና እንሰት ያበቅላሉ። ፖምንም ሚሲዮናውያን አምጥተው በዚያ ተከሉት፤ ብርዱም ተስማማውና እስከ ዛሬ ለብዙ ቤት መተዳደሪያ ሆነ። ከታች ማንጎ፥ ከላይ ፖም፤ እግዚአብሔር ለሁሉም እንደ ከፍታው ስጦታውን ሰጥቶታል።»

ልጁም ፈጥኖ፦ «እንግዲያስ ፖም እንትከል!» ሊል አፉን ከፈተ። ነገር ግን የደረቀውን ማንጎ አስታወሰና ዝም አለ። ከዚያም፦ «አባባ፥ የኮልፌ ብርድ ለፖም ይበቃዋልን? የትኛውስ ወገን ይስማማዋል? ከማን እንጠይቅ?» አላቸው።

ሽማግሌውም ፈገግ አሉ። ከፖም ወገን ብዙ ብርድ ካላገኘ የማያብብ እንዳለ፥ ጥቂት ብርድ የሚበቃውም እንዳለ ነገሩት። ከዚያም ወደ ጉለሌ የዕፅዋት ማዕከል ሄደው የሚያውቁትን ሰዎች ሊጠይቁ ተስማሙ። «ዛሬ ዛፍ ባትተክልም አትክልተኛ ሆነሃል» አሉት፤ «አስቀድመህ ጠይቀሃልና።»

አበው «እንደ አገሩ ይኖሩ፥ እንደ ወንዙ ይሻገሩ» ይላሉ። ይህ ቃል ለሰው ብቻ ሳይሆን ለተክልም ይሠራል። የሌላውን አገር ፍሬ አይቶ የራሱን አገር ፍሬ የሚንቅ ሰው ሁለቱንም ያጣል። የራሱን ቦታ የሚመረምር፥ ለቦታውም የተሰጠውን አክብሮ የሚያለማ ሰው ግን ራሱ ይጠግባል፤ ከሌላውም ጋራ የሚለዋወጠው ያገኛል። ብርዱ ለማንጎ ጠላት ነው፤ ለነጭ ሽንኩርት ግን ወዳጅ ነው። ስለዚህ «ይህ ቦታ ምን ጐደለው?» ከማለት ይልቅ «ይህ ቦታ ምን ተሰጠው?» ማለት የጥበብ መጀመሪያ ነው።

ጥያቄ።

1. የኢትዮጵያ ሰዎች አገራቸውን እንደ ከፍታው በስንት ከፍለው ጠሩት? የእያንዳንዱስ ስም ማን ነው?

2. ማንጎው በክረምት ሳይሞት በኅዳር የሞተው ስለ ምን ነው?

3. ልጁ በ20ው ችካል ምን ዐወቀ? እናንተስ በትምህርት ቤታችሁ ግቢ አመዳይ የሚተኛበትን ስፍራ እንዴት ታገኛላችሁ?

4. ነጩና ቀዩ ባሕር ዛፍ በምን ይለያያሉ?

5. እናቲቱ በጥምቀት ቀን ከቤት የቀረችው በእውነት ስለ ታመመች ነውን? ልጁስ በደሉን እንዴት ካሰ?

6. በሰፈራችሁ ያሉትን 5 ተክሎች ስም ጽፉ፤ የሚስማሟቸውም ደጋ ወይም ወይና ደጋ ወይም ቆላ መሆኑን ታላላቆቻችሁን ጠይቃችሁ አስታውቁ።